በባሊ ፏፏቴዎችንና ቤተ መቅደሶችን በአንድ ቀን ስለ መጎብኘት

ከጅማ ወደ ኢንዶኔዢያዋ ደሴት ወደ ባሊ ሲሄዱ ፏፏቴዎቹንና ቤተ መቅደሶቹን ከአስጎብኚ ጋር በአንድ ቀን ማየት ይቻል እንደሆነ ጠይቀዋል። ይቻላል፤ ነገር ግን ደሴቱን ሁሉ ለማዳረስ ከመሞከር ይልቅ ሰሜናዊውን ተራራማ አካባቢ ብቻ እንዲመርጡ አጥብቄ እመክራለሁ። ማለዳ፣ ሰው ሳይበዛ፣ በብራታን ሐይቅ ላይ የተሠራውን የኡሉን ዳኑ ቤተ መቅደስ አይተው፣ ከዚያ በደን ወደተከበቡት የሙንዱክ ፏፏቴዎች ቢያመሩ ቀኑ ሳይጣደፉ ይበቃዎታል፤ በሙንዱክ ቡናም ስለሚለማ ለእኛ ለጅማ ሰዎች እጅግ ደስ የሚል ጉዞ ነው። ሐይቁ ከባሕር ጠለል በላይ 1,200 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ ስለሆነ ሹራብ ይያዙ። ከኅዳር እስከ መጋቢት ዝናብ ስለሚበዛ ወደ ፏፏቴዎቹ የሚወስደው ቁልቁለት ያዳልጣል። ቤተ መቅደሶቹ የሂንዱ ምእመናን ዛሬም የሚጸልዩባቸው በመሆናቸው፣ በብዙዎቹ ሽርጥ ታጥቆ መግባት ግዴታ ነው።