አንኮርን በአንድ ቀን ከግል አስጎብኚ ጋር፦ የጠየቃችሁኝና የመለስኩላችሁ

ሰላም ለሁላችሁ። ባንኮክ ነው የምኖረው። ካምቦዲያ ያሉትን የጥንት የክሜር ቤተ መቅደሶች፣ እነ አንኮር ዋትን ማለቴ ነው፣ አምስት ጊዜ ሄጄ አይቻለሁ። መጀመሪያ ለብቻዬ ነበር፣ ከዚያ በኋላ ከአገር ቤት የሚመጡ ዘመዶችና ጓደኞች እየያዝኩ። በውስጥ መስመር ተመሳሳይ ጥያቄ ስለሚበዛብኝ በግልጽ ጠይቁኝ ብዬ ነበር፤ መልሱ ይኸው። ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።

ጥያቄ፦ አንድ ቀን ብቻ ነው ያለኝ። ስንት ቤተ መቅደስ ይዳረሳል?

መልስ፦ ሦስት። ከዚያ በላይ አልመክርህም። የአንኮር ክልል 400 ካሬ ኪሎ ሜትር ያህል ነው፤ በሳምንትም አትጨርሰውም። እኔ በመጀመሪያው ጉዞዬ በአንድ ቀን ሰባት ቦታ ሮጥኩ። ማታ ፎቶዎቹን ስከፍት የትኛው ግድግዳ የየትኛው ቤተ መቅደስ እንደሆነ መለየት አቃተኝ፣ በጣም አዘንኩ። አሁን ሰው ስወስድ አንኮር ዋት፣ ባዮን እና ታ ፕሮም፣ በቃ። ጊዜ ከተረፈ አንዱ ጋ ተመልሶ መቀመጥ ይሻላል።

ጥያቄ፦ ኢንተርኔት ላይ ሁሉም ነገር አለ እኮ። ለግል አስጎብኚ ገንዘብ ማውጣት ለምን ያስፈልጋል?

መልስ፦ ሆቴሉን ቀንስ፣ መኪናውን በቱክቱክ (ባጃጅ መሰሉ) ቀይር፣ አስጎብኚውን ግን አትቀንስ። አንኮር የሚነበብ ነገር ነው፣ ፊደሉን የሚያስቆጥርህ ሰው ያስፈልግሃል።

አንዱን ልንገርህ። አንኮር ዋት በምሥራቅ በኩል ባለው መተላለፊያ ግድግዳ ላይ 49 ሜትር የሚረዝም ቅርፅ አለ። ለብቻዬ የሄድኩ ጊዜ ሰዎች ተሰልፈው ገመድ የሚጎትቱ ነበር የመሰለኝ፤ አየሁትና አለፍኩ። በሁለተኛው ጉዞ አስጎብኚዬ እዚያው ቦታ ግማሽ ሰዓት አቆመኝ። ገመድ ያልኩት ለካ እባብ ነው። በአንድ ወገን 92 አጋንንት፣ በሌላው ወገን 88 አማልክት እባቡን ግራና ቀኝ ይዘው የወተት ባሕር ይንጣሉ፤ አገር ቤት ወተት እንደሚናጠው ማለት ነው፣ እዚህ ግን የሚወጣው ቅቤ ሳይሆን የጠጣው ሰው የማይሞትበት መጠጥ ነው። መሐል ላይ የሂንዱው አምላክ ቪሽኑ ቆሟል፣ መናጫ የሆነውን ተራራ ከሥር ኤሊ ተሸክሞታል። «አሁን ዝቅ ብለሽ እዪ» አለኝ። ከሥር ዓሦችና አዞዎች አሉ። ዳር ዳር ያሉት ሙሉ ናቸው። ወደ መሐል በቀረብክ ቁጥር ግን በውሃው ኃይል ለሁለት ተቆርጠዋል። ቀራጩ ይህን አስቦበታል! እኔ ለብቻዬ መቶ ጊዜ ባልፍ አላየውም ነበር።

ባዮንም እንዲሁ ነው። ሠራዊት የሚዘምትበት ግድግዳ ላይ አንዱን ሰው ኤሊ ከኋላው ነክሶት ዞር ብሎ ያያል። ሌላ ቦታ ዶሮ ያዋጋሉ፣ ሴት ትወልዳለች፣ ዓሣ ይጠበሳል። ከ800 ዓመት በፊት የነበረ ሰፈር ነው። አርባ ሰው የያዘ የአውቶቡስ ቡድን እነዚህ ጋ አይቆምም፣ የግል አስጎብኚ ግን እስክትጠግብ ይጠብቅሃል።

ጥያቄ፦ በአጠቃላይ ስንት ይፈጃል?

መልስ፦ የመግቢያ ትኬቱ ለአንድ ቀን 37 ዶላር ነው። የሦስት ቀን 62፣ የሰባት ቀን 72። ከ12 ዓመት በታች ልጆች በነፃ ይገባሉ፣ ፓስፖርታቸውን ግን ያዙ። ፎቶሽ ትኬቱ ላይ ስለሚወጣ ለሌላ ሰው አይተላለፍም። ከእያንዳንዱ ትኬት 2 ዶላር ለካንታ ቦፋ የሕፃናት ሆስፒታሎች ይሄዳል፤ እዚያ ሕፃናት በነፃ ይታከማሉ፣ ስለዚህ ስከፍል ደስ ይለኛል። እንግሊዝኛ የሚናገር አስጎብኚ ለቀኑ ብዙ ጊዜ ከ30 እስከ 50 ዶላር፣ ቱክቱክ 20 አካባቢ፣ ኤሲ ያለው መኪና ደግሞ 40 አካባቢ። እንደ ወቅቱና እንደ ድርድርሽ ይለያያል። ዋጋው ለቡድኑ እንጂ በነፍስ ወከፍ ስላልሆነ አራት ሆናችሁ ከሄዳችሁ በጣም ይቀልላል። የተቀደደ ወይም የተጻፈበት ዶላር አይቀበሉም፣ ንጹሕ ንጹሑን ያዢ።

ጥያቄ፦ የፀሐይ መውጫውን ሳላይ ብቀር ይቆጨኝ ይሆን?

መልስ፦ እውነቱን ልንገርህ፣ እኔ ሁለት ጊዜ ካየሁ በኋላ ትቼዋለሁ። አንኮር ዋት ከሌሊቱ 11 ሰዓት ይከፈታል። በኩሬው ዳር ስልኩን ወደ ላይ የዘረጋ ሕዝብ ነው የሚጠብቅህ። ያምራል፣ አያምርም አልልም። ግን ቤተ መቅደሱ ፊቱ ወደ ምዕራብ ነው። ጠዋት ፀሐይ ከኋላው ስለምትወጣ የምታየው ጥላውን ብቻ ነው። ብርሃን ፊቱ ላይ የሚያርፈው ከሰዓት በኋላ ነው፣ ያኔ ድንጋዩ ወርቅ ይመስላል። ስለዚህ የእኔ ቅደም ተከተል እንዲህ ነው፦ ጠዋት 1 ሰዓት ተኩል ታ ፕሮም ሲከፈት በር ላይ መገኘት፣ ቀጥሎ ባዮን፣ ምሳና ትንሽ እረፍት፣ ከዚያ ከ8 ሰዓት ጀምሮ እስኪመሽ አንኮር ዋት። ሌሊቱን ከመረጥክም እሺ፣ ግን ፀሐይዋ እንደወጣች ብዙው ሰው ቁርስ ፍለጋ ስለሚበተን አንተ ያኔ ወደ ውስጥ ግባ።

በነገራችን ላይ ሰዓት ስትቀጣጠሩ ተጠንቀቁ። ሾፌሩ «አራት ተኩል» ካለ የእኛን 10 ሰዓት ተኩል ሌሊት ማለቱ ነው። ዘመዴ በዚህ ምክንያት ሾፌሩን ሆቴል በር ላይ አቁሞ ተኝቷል።

ጥያቄ፦ እናቴ 67 ዓመቷ ነው፣ ጉልበቷን ያማታል። ብወስዳት ትችላለች?

መልስ፦ ውሰጃት። የግል ጉብኝት ጥቅሙ እዚህ ላይ ነው፣ ሲደክማት ትቀመጣለች፣ ማንም አይቸኩልባትም። አንኮር ዋት ምድር ላይ ያሉት መተላለፊያዎች ጥላ ናቸው፣ እነዚያ የነገርኳችሁ ቅርፆችም እዚያው ስለሆኑ ምንም አይቀርባትም። የላይኛው ፎቅ፣ ባካን የሚባለው፣ ደረጃው ቀጥ ያለ ስለሆነ እሷ ትቅርበት። ነፍሰ ጡርና ከ12 ዓመት በታች ልጅም እዚያ አይፈቀድም፣ በቡድሂስት የጾምና የጸሎት ቀናትም ይዘጋል። ባዮን ውስጥ ወለሉ አይስተካከልም፣ ክንዷን ያዢያት። ከኅዳር እስከ ጥር ባለው ጊዜ ብትሄዱ ይሻላል። ሚያዝያ ላይ ሙቀቱ ለወጣትም ይከብዳል።

ጥያቄ፦ ልጄ፣ እኔ ክሜር ሲባል የማስታውሰው በደርግ ጊዜ በሬዲዮ እንሰማው የነበረውን የክሜር ሩዥ እልቂት ነው። ግንኙነታቸው ምንድን ነው?

መልስ፦ ጥሩ ጥያቄ ነው ጋሼ። ክሜር የሕዝቡና የቋንቋው ስም ነው። ክሜር ሩዥ ማለት «ቀይ ክሜሮች» ነው፣ ከ1975 እስከ 1979 አገሪቱን የገዛው የፖል ፖት ቡድን። ከ1.5 እስከ 2 ሚሊዮን ሰው እንዳለቀበት ይገመታል። ቤተ መቅደሶቹን የሠሩት ነገሥታት ግን ከ802 ጀምሮ እስከ 15ኛው ክፍለ ዘመን ድረስ የገዙ ናቸው። አንኮር ዋትን በ12ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ አጋማሽ ያሠራው ዳግማዊ ሱርያቫርማን ነው። ባዮንንና ታ ፕሮምን ያሠራው ከ1181 ጀምሮ የነገሠው ሰባተኛው ጃያቫርማን ነው። እዚያ ሲሄዱ አንኮር ዋት ግድግዳ ላይ የጥይት ምልክት ያያሉ። አስጎብኚዎ ዕድሜው ገፋ ያለ ከሆነ ከቤተሰቡ ያጣው ሰው ይኖራል። ራሱ ካነሳው ያዳምጡት፣ ካላነሳው ባይጠይቁት ይሻላል። እርስዎ ደግሞ ያንን ዘመን በአገርዎ ያዩ ስለሆኑ ያለ ብዙ ንግግር የምትግባቡ ይመስለኛል።

ጥያቄ፦ ክርስቲያን ነኝ። የሌላ እምነት ቤተ መቅደስ ስገባ መስገድ ወይም ዕጣን ማጨስ ይጠበቅብኛል?

መልስ፦ በፍጹም። እንደ ጎብኚ ነው የምትገቢው። አንኮር ዋት መጀመሪያ ለሂንዱው አምላክ ለቪሽኑ ተሠርቶ በኋላ የቡድሂስት ቤተ እምነት የሆነ ነው፣ ዛሬም መነኮሳት አሉበት፣ ሰው ይጸልይበታል። አንዳንድ ቦታ ዕጣን እጅሽ ላይ አድርገው ገንዘብ የሚጠይቁ ሰዎች አሉ። ፈገግ ብለሽ እጅሽን ሰብስቢ፣ አይቀየሙም። እኛ የራሳችን ቤተ ክርስቲያን ውስጥ ከእንግዳ የምንጠብቀውን ጨዋነት ማሳየት ይበቃል።

ልብስ ላይ ግን ጠንካራ ናቸው። ትከሻና ጉልበት መሸፈን አለበት። እጅጌ በሌለው ልብስ ላይ ሻርፕ ወይም ነጠላ ጣል ማድረግ ባካን ላይ አይበቃም፣ እጅጌ ያለው ልበሺ።

ጥያቄ፦ ከላሊበላ ጋር ሲወዳደርስ?

መልስ፦ ማወዳደር አልወድም፣ ግን አንድ የሚደንቀኝ ነገር አለ። ቅዱስ ላሊበላና ሰባተኛው ጃያቫርማን በአንድ ዘመን የነገሡ ሰዎች ናቸው፣ ሁለቱም በ12ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻና በ13ኛው መጀመሪያ። አንዳቸው ስለ ሌላው ሳይሰሙ። ላሊበላ ከላይ ወደ ታች ከአንድ ዓለት ተፈልፍሏል። አንኮር ደግሞ ከኩሌን ተራራ የተቆረጠ አሸዋ ድንጋይ በውሃ እየተጓጓዘ መጥቶ ተደራርቦ የተነሳ ነው። ድንጋዮቹ ላይ ክብ ክብ ቀዳዳ ታያለህ፣ ለማንሻ የተበሳ ነው። ክሜሮች ድንጋይ እርስ በርሱ የሚደጋገፍበትን ቅስት አልተጠቀሙም፣ አንዱን ድንጋይ ከአንዱ ትንሽ እያስወጡ ነው ጣሪያውን የሚገጥሙት። ስለዚህ መተላለፊያዎቹ ሁሉ ጠባብ ናቸው፤ ያን የሚያህል ሕንፃ ውስጥ አንድም ሰፊ አዳራሽ የለም። የላሊበላን ውስጥ የሚያውቅ ሰው ይህን ወዲያው ያስተውላል።

ጥያቄ፦ ታ ፕሮም በእውነት ዛፍ ውጦታል ወይስ ፎቶ ነው?

መልስ፦ በእውነት ነው። ወፍ ጣሪያ ላይ ዘር ትጥላለች፣ ሥሩ ድንጋዩን ተከትሎ ወደ መሬት ይወርዳል፣ እየወፈረ ሲሄድ ግንቡን ያቅፈዋል። አንዳንዶቹ የእኛ ዋርካና ሾላ ዘመዶች ናቸው። አሁን ዛፉ ግንቡን ይዞታል፣ ግንቡም ዛፉን፤ አንዱ ቢወድቅ ሌላውም አይቀርም። ፈረንሳዮቹ ሌሎቹን ሲጠግኑ ይህንን ሆን ብለው እንደተገኘ ተዉት።

ንጉሡ በ1186 ለእናቱ መታሰቢያ ያሠራው ነው። በድንጋይ ላይ በተቀረጸው ጽሑፍ መሠረት 12,640 ሰው ይኖርበት ነበር፣ ከእነሱ ውስጥ 615ቱ ዳንሰኞች። ቤቶቻቸው ከእንጨት ስለነበሩ በስብሰው ጠፉ፣ ድንጋይ የሚገባው ለአማልክት ብቻ ነበር። ያንን ቁጥር ከሰማሁ በኋላ ግቢው ባዶ አልመሰለኝም። አንዲት ጠባብ ክፍል ውስጥ አስጎብኚው ጀርባህን ግድግዳ ላይ አስደግፎ ደረትህን በቡጢ ምታ ይልሃል። ስታጨበጭብ ምንም የለም፣ ደረትህን ስትመታ ግን ክፍሉ እንደ ከበሮ ይመልስልሃል።

ጥያቄ፦ ጥሩ አስጎብኚ እንዴት ልለይ?

መልስ፦ ከቱሪዝም ሚኒስቴር ፈቃድ ያለው፣ ደንብ ልብስና ባጅ ያለው ይሁን። ከመያዝሽ በፊት መልእክት ጻፊለትና አንድ ነገር ጠይቂ፦ «አንተ የምትወደው ግድግዳ የቱ ነው?» ቦታውን ጠቅሶ ምክንያቱን የሚነግርሽ ከሆነ ያዢው። «ሁሉም ቆንጆ ነው» ካለ ሌላ ፈልጊ። ሱቅ እንደማትገቢም አስቀድመሽ ተናገሪ። እኛን አንድ ጊዜ በወኪል የተያዘ ሾፌር ሐር ቤትና ጌጥ ቤት እያዞረ ግማሽ ቀናችንን በላብን። ከሕፃናት ፖስትካርድ አትግዢ፣ ልጆቹ በሽያጩ ምክንያት ከትምህርት ቤት ይቀራሉ።

ጥያቄ፦ በጾም ብሄድ ምን እበላለሁ?

መልስ፦ ሩዝ፣ አትክልትና ፍራፍሬ ሞልቷል። ችግሩ የዓሣ ሶስ ነው፣ አትክልት በተባለው ውስጥ ሁሉ ይገባል፣ ፕራሆክ የሚባለው የተብላላ ዓሣም እንደዚሁ። ዓሣ የማትበላ ከሆነ አስጎብኚህ በክሜርኛ ለማብሰያ ቤት ይንገርልህ። እንቁላልም እንዳይጨምሩ ጨምሮ ይንገራቸው።

ጥያቄ፦ ከአዲስ አበባ በየት በኩል ነው የሚኬደው?

መልስ፦ ባንኮክ ድረስ የኢትዮጵያ አየር መንገድ ይወስድሃል፣ ከዚያ ሲየም ሪፕ፣ አንኮር አጠገብ ያለችው ከተማ፣ በአውሮፕላን አንድ ሰዓት ያህል ነው። በ2023 የተከፈተው አዲሱ አየር ማረፊያ ከከተማው ከ40 ኪሎ ሜትር በላይ ስለሚርቅ የመኪናውን ዋጋ ቀድመህ ጨርስ። በየብስ እሻገራለሁ ካልክ ግን በ2025 በሁለቱ አገሮች ግጭት ድንበሩ ተዘግቶ ነበርና ሁኔታውን ሳታጣራ አትነሳ።

ጥያቄ፦ አምስት ጊዜ ሄደሽ አልሰለቸሽም?

መልስ፦ አልሰለቸኝም። አንኮር ዋት ላይ ከ1,700 በላይ የሴት አማልክት ምስል ተቀርጿል፣ የፀጉር አሠራራቸው ብዙ ዓይነት ነው፣ እኔ ገና የሹሩባዎቹን ዓይነት አይቼ አልጨረስኩም። ሁሉም ከንፈራቸውን ገጥመው ነው ፈገግ የሚሉት። በምዕራቡ መግቢያ ሕንፃ ላይ ግን ጥርሷን የምታሳይ አንዲት አለች። አስጎብኚሽ ሳይጠቁምሽ ራስሽ ፈልጊያት።