ቃል ለሌለው ሚና

ልጆቼ፣

ከእናንተ አንዱ ሰሞኑን «የዘበኛ ሚና ተሰጠኝ፤ አንድም ቃል አልናገርም፤ ልተወው?» ብሎ ጠየቀኝ። በወጣትነቴ እኔንም ያስለቀሰ ጥያቄ ነው። ከመመለሴ በፊት ስለ አንድ ጃፓናዊ ልንገራችሁ።

ሃሩዎ ናካጂማ ይባላል፤ እ.ኤ.አ. በ1929 ሳካታ በተባለች ከተማ ተወለደ። ከጦርነቱ በኋላ የጃፓን ሲኒማ ሲያንሰራራ በቶሆ ስቱዲዮ ተቀጥሮ የሚሞት ወታደርና የሚገደል ሽፍታ ይሆን ነበር። በ1953 በወጣ የጦር ፊልም ላይ እሳት በልብሱ ላይ እየነደደ ተጫውቷል። በ1954 አኪራ ኩሮሳዋ በሠራው «ሰባቱ ሳሙራይ» ውስጥም ከሽፍቶቹ አንዱ ነው። ስሙን የጠየቀ ተመልካች ግን ብዙ አልነበረም።

በዚያው ዓመት ከባሕር ወጥቶ ቶኪዮን የሚያፈርሰውን ጎድዚላን እንዲጫወት ተመረጠ። ፊቱ አይታይም፤ ድምፁም አይሰማም። እሱ ግን ቶኪዮ ኡኤኖ ወደሚገኘው መካነ አራዊት ሄዶ ዝሆንና ድብ ሲራመዱ ተመለከተ። ግዙፍ ፍጡር እግሩን እንዴት ያነሣል? ሲዞር አስቀድሞ የሚንቀሳቀሰው አንገቱ ነው ወይስ ትከሻው? ተዋናይ የሚባለው እንዲህ ዓይነቱን ነገር የሚጠይቅ ሰው ነው፤ በዚህ አቋሜ ከማንም ጋር ለመከራከር ዝግጁ ነኝ።

ጎድዚላን ለመሆን ውስጡ የሚገባበት የመጀመሪያው የላስቲክ ልብስ 100 ኪሎ ግራም ገደማ ይመዝን ነበር፤ ግትር ስለነበር እንደ ልብ አያራምድም። ፈጥኖ የተቀረጸ ነገር በሸራው ላይ ዝግ ብሎ ስለሚታይ፣ እርምጃው ከባድ እንዲመስል ካሜራው ከወትሮው በበለጠ ፍጥነት ይቀርጽ ነበር፤ ለዚህም ብዙ መብራት ይበራል። በዚያ ሐሩር ውስጥ ሠርቶ ሲወጣ ካናቴራው ሲጨመቅ ላብ ይወርደው ነበር። ፊልሙን ስታዩ ሕንፃዎቹን ተዉና የአውሬውን ትከሻ ተመልከቱ። እኔ እዚያ ውስጥ ሐዘን አያለሁ፤ ሐዘኑም የላስቲኩ ሳይሆን የሰውየው ነው።

እስከ 1972 ድረስ በ12 ፊልሞች ጎድዚላን ተጫወተ። አሁን የሚያመኝን ልንገራችሁ። ስቱዲዮው ቋሚ ተዋንያኑን ሲቀንስ ናካጂማን ወደ ቦውሊንግ መጫወቻ አዳራሽ አዛወረው። ይህን ብደብቃችሁ አታለልኋችሁ ማለት ነው። እኔም አንድ ጊዜ ሦስት ወር የለፋሁበት ሥራ ሲወጣ ስሜ ከዝርዝሩ ተዘልሎ አይቻለሁ፤ በእጄ የያዝሁት ውል ስላልነበረ የምናገርበት አፍ አጣሁ። ስለዚህ ሚናው ቃል ባይኖረውም ውል ይኑረው፤ ስማችሁ በፊልሙ ላይ እንደሚጻፍም ከመፈረማችሁ በፊት አረጋግጡ።

ናካጂማ በስተርጅናው ባሕር ማዶ ያሉ አድናቂዎቹ እየጋበዙት ይሄድ ነበር። በ2017 በ88 ዓመቱ አረፈ።

እንግዲህ ወደ ዘበኛው ልመለስ። ልጄ፣ ሌሊቱን ሙሉ ቆሞ ያደረ ሰው ሊነጋጋ ሲል በየትኛው እግሩ እንደሚደገፍ ታውቃለህ? በሰፈርህ ባንክ በር ላይ የሚያድሩትን አባት ነገ በማለዳ ሄደህ ሰላም በላቸው። ትኩስ ሻይም ይዘህላቸው ሂድ።