መልስ፦ ጎል የማያበዛ ተጫዋች ኋላ የክለብ አለቃ ይሆናል ወይ?

ወንድሜ፣ ከአዘዞ ሆነህ «ጎል የማያበዛ ተጫዋች ጫማውን ሲሰቅል አሰልጣኝ፣ ከዚያም ሥራ አስኪያጅ መሆን ይችላል ወይ?» ብለሃል። እንዴታ! ፋሲል ከነማ ሲጫወት እኛ የምንጮኸው ላገባው ብቻ ነው እንጂ።

ከበረዶ ሆኪ ካናዳዊውን ቦብ ጌይኒን ልጥራልህ። (አመዳይ ለማየት ስሜን ተራራ ለምንወጣው ለእኛ ስፖርቱ እንግዳ ነው፤ ታገሰኝ።) በፈረንጆቹ ከ1973 እስከ 1989 ለሞንትሪያል ካናዲየንስ ተጫወተ። አጥቂ ነው፤ ዋና ሥራው ግን የተጋጣሚን ኮከብ ማፈን ነበር። በመከላከል ለሚበልጥ አጥቂ የሚሰጠው የሴልኪ ሽልማት በ1978 ሲጀመር፣ የመጀመሪያዎቹን 4 ዓመታት በተከታታይ ወሰደው። የሰሜን አሜሪካ ሆኪ ሊግ አሸናፊ የሚወስደውን የስታንሊ ዋንጫንም 5 ጊዜ አነሳ።

ከዚያ ፈረንሳይ ሄዶ በኤፒናል ክለብ ተጫዋችም አሰልጣኝም ሆነ። እኔ ይሄን ነው የምወድለት፤ ያን ሁሉ ዋንጫ ይዞ ትንሽ ቦታ መጀመር አልከበደውም። በ1990 የአሜሪካውን የሚኔሶታ ክለብ በአሰልጣኝነት ተረከበ፤ በመጀመሪያው ዓመት ለፍጻሜ አደረሰው። ቀጥሎ ሥራ አስኪያጅነቱን ደረበ። ክለቡ ወደ ዳላስ ተዛወረ። በ1996 አሰልጣኝነቱን ለኬን ሂችኮክ ለቆ ቢሮ ገባ፤ በ1999 ዋንጫው መጣ። ኋላም ሞንትሪያልን አስተዳደረ።

አንተም እግርህ ሳይደክም የሰፈርህን ታዳጊዎች ማሰልጠን ጀምር። የአሰልጣኝነት ኮርስ ሲወጣ ደግሞ ቀድመህ ተመዝገብ።