ሁለት በመቶ ወይስ አምስት በመቶ?

ልጆቼ፣ ይህን የምጽፈው በጅማ ሱቆችና ማከፋፈያዎች የሽያጭ ሥራ ለምትጀምሩ ነው። ኮሚሽን ሲባል ዓይናችሁ መቶኛው ላይ ያርፋል። የእኔም እንዲሁ ነበር።

ወጣት ሳለሁ አንድ የሬዲዮና የልብስ ስፌት መኪና ነጋዴ ሁለት ውል አቀረበልኝ፤ በወር 300 ብር ደመወዝና ከሽያጩ 2 በመቶ፣ ወይም 180 ብርና 5 በመቶ። ጊዜው ኅዳር ነው፤ ቡና ተለቅሞ ገበሬው ብር ይዞ ወደ ሂርማታ ገበያ የሚወጣበት። አምስት ከሁለት ይበልጣል ብዬ ፈረምሁ። በዚያው ወር 9,000 ብር ሸጬ 630 ብር ተቀበልሁ፤ በሌላው ውል 480 ነበር የማገኘው። ሐምሌ ሲገባ ግን ሽያጬ ወደ 2,000 ወረደ፤ እጄ የገባው 280 ሆነ። የተውሁት ውል 340 ይሰጠኝ ነበር። ያቺ 60 ብር የቤት ኪራዬ ነበረች።

ትምህርት ቤት የሸመደድሁት አልጀብራ ትዝ ያለኝ ያኔ ነው። ሽያጩን «ሸ» እንበለው። አንደኛው ውል 300 + 0.02ሸ፣ ሁለተኛው 180 + 0.05ሸ ነው። ሁለቱን ብናስተካክል 120 = 0.03ሸ ይሆናል፤ ሸ ደግሞ 4,000። ከዚያ በላይ ለሚሸጥ አምስት በመቶው፣ በታች ለሚሸጥ ሁለት በመቶው ያዋጣል። እውነቱን ለመናገር ዓመቱ ሲደመር ውሉ አልጎዳኝም፤ የጎዳኝ የኅዳርን ብር በኅዳር መጨረሴ ነው።

ዛሬ ደግሞ መቶኛው ከምን ላይ እንደሚታሰብ ጠይቁ። ደረሰኙ 15 በመቶ ተጨማሪ እሴት ታክስን ጨምሮ 11,500 ብር ቢል፣ የዕቃው ዋጋ 10,000 ነው፤ 11,500ን ለ1.15 ማካፈል ነው። ብዙዎቻችሁ ከ11,500 ላይ 15 በመቶ ቀንሳችሁ 9,775 ትላላችሁ። አምስት በመቶው 500 መሆኑ ቀርቶ 488 ብር ከ75 ሳንቲም ይሆናል፤ ራሳችሁን በራሳችሁ ቀነሳችሁ ማለት ነው።

ዱቤም አለ። «ቡናዬን ስሸጥ እከፍላለሁ» የሚል ደንበኛ ብዙ ነው፤ አሠሪያችሁ ኮሚሽን የሚያስበው ከተሸጠው ይሁን ከተሰበሰበው በውሉ ላይ ይጻፍ። የእኔ አሠሪ ከተሰበሰበው ነበር። በአሮጌው ደብተሬ የአንድ ሬዲዮ ኮሚሽን ዛሬም ባዶ ቦታ አለው።