የግሪክ ፊደል ያለበት ደብዳቤ

ጥያቄው ባጭሩ ይሄ ነው፦ "በ13 ዓመቴ ነው ከቤተሰቤ ጋር ሜሪላንድ የመጣሁት። አሁን ዩኒቨርሲቲ ሦስተኛ ዓመት ነኝ፤ የምማረው ኤዱኬሽን ነው። ጂፒኤዬ 3.7 ነው። ባለፈው ሳምንት ካፓ ዴልታ ፓይ ከሚባል የክብር ማኅበር የግብዣ ደብዳቤ ደረሰኝ። የአባልነት ክፍያ አለው። ማጭበርበር ይሆን? ቤት ሳሳይ አባቴ ሳቀ። ደሴ 14 ዓመት አስተምሯል፤ አሁን ኡበር ይነዳል። 'ለአስተማሪ ደግሞ ምን ክብር አለው? ጊዜው ሳያልፍ ወደ ነርሲንግ ዙሪ' አለኝ። ፕራክሲስንም እፈራለሁ። አክሰንቴም ያሳስበኛል። ደግሞ ለሥነ ሥርዓቱ የሐበሻ ቀሚስ ብለብስ ነውር ይሆናል? ግራ የገባኝ፣ ከሲልቨር ስፕሪንግ።"

እህቴ፣

ትንንሾቹን ላስቀድም። ፕራክሲስ የአስተማሪነት ፈቃድ ለማግኘት የሚወሰድ ፈተና ነው፤ ይጠናል፣ ከወደቁም ይደገማል። አክሰንትሽን ተይው። አንቺ ባለሽበት ካውንቲ ተማሪዎች ቤታቸው ከሚናገሯቸው ቋንቋዎች አማርኛ ከፊተኞቹ አንዱ ነው። ትናንት ከቦሌ የተነሳ ልጅ ነገ ክፍልሽ ሲገባ አክሰንትሽን ሰምቶ እፎይ ይላል። ቀሚሱን ልብሺ።

አሁን ወደ ደብዳቤው። መጠራጠርሽን ወድጄዋለሁ። "ተመርጠሻል፣ ይህን ያህል ላኪ" የሚሉ ወረቀት ሻጮች ሞልተዋል። ካፓ ዴልታ ፓይ ግን የእውነት ነው፣ ከመቶ ዓመትም አልፎታል። ቢሆንም በስሙ ሌላ ሰው እንዳይነግድብሽ፣ ኢሜይሉ ላይ ያለውን ሊንክ ከመጫንሽ በፊት ኤዱኬሽን ክፍል ሂጂና "የቻፕተሩ አማካሪ መምህር ማን ነው?" ብለሽ ጠይቂ። ቻፕተር ማለት ማኅበሩ ዩኒቨርሲቲሽ ውስጥ ያለው ቅርንጫፍ ነው፤ እውነተኛ ከሆነ ቢሮ ያለው አማካሪ አለው። አምስት ደቂቃ ነው የሚፈጅብሽ።

እኔን እንቅልፍ የነሳኝ የአባትሽ ሳቅ ነው። "ለአስተማሪ ደግሞ ምን ክብር አለው?" ያሉት ነገር። ማኅበሩ የተመሠረተው እኮ ይህንኑ ጥያቄ አሜሪካኖቹም ይጠይቁት በነበረ ጊዜ ነው።

ዘመኑ 1911 ነው፣ በፈረንጆቹ አቆጣጠር። ያኔ እዚህ አገር አስተማሪነት ማንም ደርሶ የሚይዘው ሥራ ይመስል ነበር። ገጠር ውስጥ የሚያስተምሩት ብዙዎቹ ገና ልጅነታቸውን ያልጨረሱ ሴቶች ናቸው። ሥልጠናቸው አጭር፣ ደመወዛቸው ትንሽ። ብዙ ቦታ ደግሞ ሲያገቡ ከሥራ ይሰናበታሉ። በሌላው የትምህርት መስክ የበረቱ ተማሪዎች ከ1776 ጀምሮ ፋይ ቤታ ካፓ የሚባል የክብር ማኅበር አላቸው። አስተማሪ ለመሆን የሚማረውን ልጅ ግን "ጎበዝ" የሚለው እምብዛም ነው።

ኢሊኖይ ዩኒቨርሲቲ ውስጥ ዊልያም ባግሊ የሚባል ፕሮፌሰር ነበር። የዚህን ሰው ታሪክ ለአባትሽ ንገሪልኝ። በ1900 ከኮርኔል ዶክትሬቱን ያዘ። ዩኒቨርሲቲ ውስጥ ሥራ ሲያጣ ሴንት ሉዊስ ሄዶ የአንደኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ርዕሰ መምህር ሆነ። ከዚያ ሞንታና፣ ቀጥሎ ኒው ዮርክ ክፍለ ሀገር ኦስዊጎ፣ መምህራን ማሠልጠኛ ውስጥ ሠራ። ኢሊኖይ የደረሰው በ1908 ነው። የጠመኔ አቧራ ምን እንደሆነ ያውቃል ማለት ነው። እዚያ የነበረው የኤዱኬሽን ክበብ ነው በ1911 ካፓ ዴልታ ፓይ የሆነው፤ ባግሊም ከመሥራቾቹ አንዱ ነው።

ከዚያ በፊት ለኤዱኬሽን ሰዎች የተቋቋሙ ጥቂት ሌሎች ማኅበራት ነበሩ። ፋይ ዴልታ ካፓ በ1906 ኢንዲያና ሲመሠረት ለወንድ ብቻ ነበር፤ ሴት ለማስገባት እስከ 1974 ቆየ። ሴቶቹም ዝም አላሉም፤ በ1910 ሚዙሪ ላይ ፓይ ላምዳ ቴታን አቋቋሙ። ካፓ ዴልታ ፓይ ግን ከመነሻው ወንድም ሴትም አንድ ላይ የያዘ ነው። ይህን ያነሳሁት ወድጄ አይደለም። ደብዳቤው ለአንቺ በስምሽ መምጣቱ ተራ ነገር እንዳይመስልሽ ብዬ ነው።

ሦስቱ የግሪክ ፊደላት ዕውቀት፣ ግዴታና ኃይል የሚሉ ቃላት መነሻ ናቸው። ቀለማቸው አረንጓዴና ሐምራዊ ነው፤ ስትመረቂ አንገትሽ ላይ የምታጠልቂው ገመድም በዚሁ ቀለም ነው። አዲስ አባል ሲገባ ለአራት ነገሮች ታማኝ እንዲሆን አደራ ይባላል፦ ለሰው ልጅ፣ ለሳይንስ፣ ለአገልግሎት፣ ለልፋት። አራተኛውን እይው እስቲ። ልፋት! የክብር ማኅበር ሆኖ ልፋትን መሐላው ውስጥ የጻፈ ሌላ አላውቅም። አስተማሪ የሆነ ሰው እንደጻፈው ያስታውቃል።

ሌላም የምወድላቸው ነገር አለ። ባግሊ በ1938 "ልጆች መሠረታዊውን ዕውቀት በሥርዓት ይማሩ" የሚለውን ክርክር ይመራ ነበር። ፈላስፋው ጆን ዱዊ ደግሞ በሌላው ወገን፣ ልጅ ከልምዱ ይማራል ባይ ነው። በዚያው ዓመት ማኅበሩ ዱዊን ጋብዞ ንግግር አስደረገ። ንግግሩ መጽሐፍ ሆኖ እስከ ዛሬ ኤዱኬሽን ተማሪ ሁሉ ያነበዋል፤ አንቺም ሳያጋጥምሽ አልቀረም። መሥራቹን የሚሞግተውን ሰው መድረክ ላይ ማውጣት ቀላል አይደለም። በክብር አባልነት የመዘገቧቸው ሰዎች ዝርዝር ውስጥ ራሱ ዱዊ አለ፣ አይንስታይን አለ፣ ኤሌኖር ሩዝቬልት አለች።

አሁን አባትሽ። በአክብሮት ነው የምናገረው፣ ግን ተሳስተዋል።

በኛ አገር ምን ሆነ? የድሮው አስተማሪ በመንገድ ሲያልፍ ሰው ቆሞ ያሳልፈው ነበር። ኋላ ላይ ግን አሥረኛ ክፍል ጥሩ ውጤት ያመጣው ወደ መሰናዶ ሲሄድ ዝቅ ያለው ወደ መምህራን ኮሌጅ ይላክ ጀመር። ደመወዙ ከወር ወር አያደርስም። ተማሪው ነጋዴ ሆኖ መኪና ሲይዝ አስተማሪው ታክሲ ሰልፍ ላይ ነው። አባትሽ በዚህ ውስጥ 14 ዓመት ቆመዋል። ንዴታቸው ይገባኛል። ግን ያን የደሴ ሒሳብ አንቺ ላይ ሊያወራርዱት አይገባም። እዚያ ዝቅ ያለ ውጤት ወደ አስተማሪነት ይልክ ነበር፤ እዚህ ደግሞ ከፍ ያለ ውጤት ስላመጣሽ ነው ደብዳቤው የመጣልሽ። ከ3.0 በታች ቢሆን አይጽፉልሽም ነበር።

ገንዘቡን አልደብቅሽም። ነርስ መጀመሪያ ላይ ይበልጥሻል፤ ኦቨርታይም ሲጨመር ደግሞ በብዙ። የአክስትሽ ልጅ ነርስ ሆና ቤት ገዝታ ይሆናል፣ እሰየው። አንቺ ግን ደም ስታዪ ምን ትሆኛለሽ? በደብዳቤሽ ውስጥ ስለ ሕሙማን አንድ ቃል የለም። ሜሪላንድ የአስተማሪ መነሻ ደመወዝ 60,000 ዶላር እንዲደርስ በሕግ ወስናለች። ናሽናል ቦርድ የሚባለውን ማረጋገጫ ያገኘ አስተማሪ በዓመት 10,000 ይጨመርለታል። አስተማሪ ለመሆን ለሚማሩ ቲች ግራንት የሚባል የፌዴራል ድጋፍም አለ፣ በዓመት እስከ 4,000 ዶላር። ግን ተጠንቀቂ፦ ዝቅተኛ ገቢ ባለበት ትምህርት ቤት፣ እጥረት ባለበት የትምህርት ዓይነት፣ በ8 ዓመት ውስጥ 4 ዓመት ካላስተማርሽ ወደ ብድር ይዞራል፤ ወለዱም ከመጀመሪያው ቀን ጀምሮ ይታሰባል። ኢሶል፣ ማለትም እንግሊዝኛ አፍ መፍቻቸው ላልሆነ ተማሪዎች እንግሊዝኛ ማስተማርን ብትይዢ እጥረት ካለባቸው መስኮች ውስጥ ነሽ። በኔ ግምት ያንቺ ቦታ እዚያ ነው።

የራሴን ልንገርሽ። እኔም አገር ቤት አስተምሬ ነው የመጣሁት። እዚህ ስደርስ ፓርኪንግ ሠራሁ፣ ከዚያ ክፍል ውስጥ ረዳት ሆንኩ፣ ማታ ማታ ማስተርስ ተማርኩ። በ37 ዓመቴ እንዳንቺው ዓይነት ደብዳቤ መጣልኝ። ከፈልኩ። ልብስ ላይ የምትሰካው የማኅበሩ ፒን በፖስታ መጣች። መሳቢያ ውስጥ ከተትኳት። ስብሰባ አንድም ቀን አልሄድኩም፤ ማታ ሥራ ነበረኝ፣ ደግሞም እውነቱን ለመናገር በፈረንጅ መሃል ቆሞ ኩኪስ መብላት ያሳፍረኝ ነበር። አብራኝ የተማረች ልጅ ግን ሄደች። አንድ ምሽት ከመጣች ርዕሰ መምህርት ጋር ተዋወቀች፤ ሳትመረቅ ተቀጠረች። እኔ ሁለት ዓመት በምትክ አስተማሪነት፣ ጠዋት ስልክ ሲጮህ እየዘለልኩ ስነሳ ኖርኩ። ፒኗ አሁንም መሳቢያ ውስጥ ናት።

ስለዚህ ክፍያውን የምትከፍይው የምትሄጂ ከሆነ ብቻ ነው። ለሲቪ አንድ መስመር ብለሽ ከሆነ ተይው፤ በየዓመቱ ይታደሳል፣ በከንቱ ትከስሪያለሽ። ገና ሦስተኛ ዓመት መሆንሽ ጥሩ ነው፤ ስቱደንት ቲቺንግ፣ ክፍል ገብተሽ ማስተማር የምትለማመጂበት ጊዜ፣ ሲደርስ የሚያውቅሽ ሰው ይኖራል። በዚህ ሴሚስተር ሁለት ስብሰባ ሂጂ። የቻፕተሩን ኃላፊነት ለመውሰድ ሰው ሲፈለግ እጅሽን አውጪ፤ ብዙ ጊዜ የሚፈልገው ስለሌለ ታገኚዋለሽ። የንባብ ፕሮግራም ካላቸው አማርኛ ተናጋሪ ልጆች ያሉበት ትምህርት ቤት እንዲወስዱት ጠይቂ።

ከአባትሽ ጋር ክርክር አትግጠሚ፤ አታሸንፊያቸውም። ሥነ ሥርዓቱ ቤተሰብ የሚገባበት ከሆነ ጥሪያቸው። ብዙ ቦታ ሻማ ይበራል፣ ስም እየተጠራ ይገባል፣ አራቱ ቃሎች ይነበባሉ። "ልፋት" የሚለው ላይ ሲደርሱ አጠገባቸው ሆኖ የሚተረጉምላቸው ሰው አስቀምጪ። ለዚያ ምሽት ኡበሩን እንዲያጠፉት ለምኛቸው፤ የፓርኪንጉንም አንቺ ክፈዪ።