ከዕቃው በፊት ደብተርና ስልክ ያዙ

ወንድሜ፣ ከኮምቦልቻ ወጣ ብሎ ባለው መንደራችሁ የአያትህን ቤት ትንሽ የገጠር ኑሮ ሙዚየም ልታደርጉት አስባችሁ «ከምን እንጀምር?» ብለሃል። እኔ ደሴ ዙሪያ እንዲህ ያለ ስብስብ ላይ ጥቂት ዓመታት ለፍቻለሁ። ቤቱ አያሳስብህ። የደሴ ሙዚየምም ያረፈው በደጃዝማች ዮሴፍ ብሩ መኖሪያ ቤት ነው።

የሚያሳስበው ሌላ ነው። መጀመሪያ ላይ የሰጡንን ሁሉ ዝም ብለን እየተሸከምን እናመጣ ነበር። አንዲት እናት የወተት ቅላቸውን ሰጡን። ውስጡ በወይራ ጭስ ጠቁሯል። አፉ ዙሪያ የቆየ ቅቤ ይዟል። እኔ ደግሞ ንጹሕ ሆኖ ይታይ ብዬ በኦሞ አሽቼ አጠብኩት። በሳምንቱ መጡና አነሱት፣ አሸተቱት። ፊታቸው ልውጥ አለ። «ልጄ፣ ይኼ የኔ ቅል አይደለም» አሉኝ። እስካሁን ያንገበግበኛል። አደራህን፣ አቧራውን በደረቅ ጨርቅ ብቻ አራግፉ። ስልቻና ቁርበትም ይለስልስ ብላችሁ ቅቤ አትቀቡት፣ አይጥ ይጠራባችኋል። ምስጥ እንዳይወጣበት እንጨቱን ሁሉ ከመሬት ከፍ አድርጋችሁ ድንጋይ ላይ አስቀምጡት።

አሁን ወደ ደብተሩ። የእርሻ ዕቃ ሲመጣ «ሞፈርና ቀንበር» ብላችሁ ጽፋችሁ አትለፉ። አንድ ሲያርሱ የኖሩ አባት አስቀምጡና ፈታተው እንዲገጥሙት ለምኗቸው። እጀታውን እርፉን፣ በማረሻው ግራና ቀኝ ያሉትን እንጨቶች ድግሩን፣ የብረት ቀለበቱን ወገሉን፣ የቆዳ ጠፍሩን ምራኑን እያነሱ ስሙን ይጥሩ። ከምን እንጨት እንደተጠረበ፣ ምራኑ ከየትኛው ቆዳ እንደሚወጣ ይንገሯችሁ። ድምፃቸውን በስልክ ቅዱ። ደሴ ያደጉ ልጆች ድግር የሚለውን ቃል ከእኛ ነው መጀመሪያ የሰሙት። እነዚያ አባት ካለፉ ማንን ትጠይቃላችሁ?

ማን እንደሰጠ፣ ስጦታ ይሁን ውሰት፣ ለየብቻ መዝግቡ። ሰጪውም አንድ ቅጂ ይያዝ። የቆየ ቅርስ ካጋጠማችሁ የቅርስ ጥናትና አጠባበቅ አዋጅ ቁጥር 209/1992 ስላለ ለወረዳው ባህልና ቱሪዝም አሳውቁ። የመዝገቡና የፎቶው ቅጂ ደግሞ ከቤቱ ውጭ ይቀመጥ። በ2014 ዓ.ም. ጦርነት የደሴ ሙዚየም ሲዘረፍ አይተናል። ዕቃ ከሄደ ለመፈለግም ፎቶ ያስፈልጋል።

አንድ የወሎ ነገር ልጨምር። ዕቃውን የሙስሊም ቤት፣ የክርስቲያን ቤት ብላችሁ አትለዩት። ጀበናው ያው ነው፣ ረከቦቱ ያው ነው፣ ቡናውንም አብረን ነው የጠጣነው።

የድንጋይ ወፍጮ ካገኛችሁ ግን መስታወት ውስጥ አታስገቡት። እኛ በእጅ የሚገፋውን የላይ ድንጋይ፣ መጁን፣ አጠገቡ አድርገን አንድ እፍኝ ገብስ እናስቀምጣለን። ልጆች ተንበርክከው ይፈጫሉ። ትንሽ ቆይተው ክንዳቸውን እያሹ «አያቴ ይህን በየቀኑ?» ይላሉ። ያኔ አጠገባቸው የቆሙት እናቶች ሳይጠየቁ ማውራት ይጀምራሉ። ስልክህን ያኔ አውጣ።