ዲኤልኤል ጠፋ ሲልሽ ፋይሉን ብቻ አታውርጂ

ጥያቄ፦ ሰላም ለናንተ። ቱሉ ዲምቱ ኮንዶሚኒየም ውስጥ ትንሽ የፎቶ ኮፒና የባነር ቤት አለኝ። ኮምፒውተሬ ተበላሽቶ ያገለገለ ሌላ ገዛሁ። ባነር የምሠራበትን የዲዛይን ፕሮግራም ኢንክስኬፕን አንድ ልጅ ከሌላ ሱቅ በፍላሽ አመጣልኝና ስከፍተው «ሊብኤክስኤምኤል2 ዲኤልኤል አልተገኘም» አለኝ። ፋይሉን ብቻውን ኢንተርኔት ላይ አግኝቼ አወረድኩ፣ ሲስተም32 የሚባለው የዊንዶውስ ፎልደር ውስጥም ከተትኩት። አሁን መልእክቱ ተቀይሮ «አፕሊኬሽኑ በትክክል መነሳት አልቻለም» ይላል። የሰርግ ባነር ትእዛዝ ይዤ ቁጭ ብያለሁ፣ ምን ላድርግ?

መልስ፦ እህቴ፣ ከሁሉ በፊት ያንን ያወረድሽውን ፋይል ከሲስተም32 አጥፊው። በስሙ እሱን ብቻ፣ ሌላ አንድም ፋይል እንዳትነኪ።

ልጁ ያመጣልሽ ዋናውን የማስነሻ ፋይል ብቻ ይመስለኛል። ዲኤልኤል ማለት ፕሮግራሞች የሚጋሩት የተዘጋጀ ኮድ የያዘ ፋይል ነው፣ ልክ እንደ እድር ድስት። ሁሉም ቤት ትልቅ ድስት አይገዛም፣ ድግስ ሲኖር ከእቃ ቤት ያወጣል። ፕሮግራሞችም እንደዚያው አንድን ሥራ ራሳቸው ከመጻፍ ይልቅ ተሠርቶ ያለቀውን ይጠቀማሉ። ሊብኤክስኤምኤል2 ዳንኤል ቬያር ግኖም ለሚባለው የነጻ ሶፍትዌር ፕሮጀክት የጀመረው ነው፣ ሥራውም ኤክስኤምኤል የሚባለውን በምልክቶች የተደራጀ ጽሑፍ ማንበብና መተንተን ነው።

ባነር ከዚህ ጋር ምን አገናኘው ትዪ ይሆናል። ኢንክስኬፕ ሥራሽን የሚያስቀምጥበትን አንድ የድሮ ኤስቪጂ ፋይልሽን በኖትፓድ ክፈቺው። ሥዕል አታዪም፣ ጽሑፍ ነው! የቀለሙ ቁጥር፣ የፎንቱ ስም፣ ወደ መስመር ካልቀየርሽው የሙሽሮቹ ስም ሳይቀር በቀስት መሰል ምልክቶች መካከል ተደርድሮ ታገኚዋለሽ። ያ ኤክስኤምኤል ነው። የሚተነትንለት ካጣ ኢንክስኬፕ የራሱን ፋይል እንኳ ማንበብ አይችልም፣ ለዚህ ነው ገና ከደጁ የሚቆመው።

መልእክቱ የተቀየረው ደግሞ ያወረድሽው ፋይል የ32 ቢት ስለሆነ ይመስለኛል፣ ፕሮግራምሽ ግን የ64 ነው፤ ሁለቱ የተለያዩ የፕሮግራም ዓይነቶች ስለሆኑ አብረው አይሠሩም። ሲስተም32 ስሙ ያሳስታል እንጂ በ64 ቢት ዊንዶውስ ላይ የ64ቱ ማደሪያ እሱ ነው። የ32ቱ ያሉት ሲስዋው64 በሚባለው ፎልደር ውስጥ ነው። ግምቴ ልክ ከሆነ አለመግጠሙ በጅቶሻል፣ ምክንያቱም ዊንዶውስ ስላልተቀበለው ውስጡ ያለው ኮድ አልሠራም። ቢገጥም ኖሮ ማን እንደሠራው የማታውቂው ኮድ በአንቺ ፈቃድ የደንበኞችሽ ፋይል ባለበት ኮምፒውተር ላይ ይሠራ ነበር። እኔም ከዓመታት በፊት ከእንዲህ ያለ ገጽ አንድ ፋይል አውርጄ ብሮውዘሬ በማስታወቂያ ተሞልቶ ዊንዶውሱን እንደገና እስከመጫን ደርሻለሁ። ስለዚህ ለማንኛውም በዊንዶውስ ዲፌንደር ሙሉ ስካን አድርጊ።

ከዚያ በፍላሽ የመጣውን ሰርዢና ኢንክስኬፕን ከራሱ ድረ ገጽ አውርጂ። ነጻ ነው፣ ክራክ ምናምን አያስፈልገውም። ዳታ ከከበደሽ የሌሊት ጥቅል ግዢ፣ ወይም ያንኑ ልጅ ኢንስቶለሩን አውርዶ እንዲያመጣልሽ ንገሪው። ኢንስቶለሩን እንጂ ሌላ ሰው ኮምፒውተር ላይ ተጭኖ ያለውን አይደለም። ሲጫን ዲኤልኤሎቹ ሁሉ ከማስነሻው ጎን ይቀመጣሉ፣ ፕሮግራሙም ቀድሞ የሚፈልጋቸው እዚያው ነው። ዴስክቶፕ ላይ እንዲታይሽ ከፈለግሽ ሾርትከት አውጪ፣ ዋናውን ፋይል ግን ከፎልደሩ ጎትተሽ እንዳታወጪ።

አንድ ነገር ልጨምርልሽ። የድሮ ባነር ስትከፍቺ የአማርኛው ፊደል መልኩን ቀይሮ ካገኘሽው ዲኤልኤሉ ላይ እንዳትፈርጂ። የተጠቀምሽበት ፎንት አዲሱ ኮምፒውተር ላይ የለም ማለት ነው። ሳታስተካክዪ ሴቭ አታድርጊ፣ ፎንቱን ጭነሽ ፕሮግራሙን ዘግተሽ ክፈቺውና የሙሽሮቹን ስም አይተሽ አትሚ።